በጸደይ የተጀመረ ወዳጅነት

(በትምህርት ቤታችን የምሥረታ በዓል፥ በወላጆች ቀን፥ በፊልም ክበብ አባሎች የተነገረ ንግግር)





ለዛሬው በዓል ንግግር እንድናሰማ በተፈቀደልን ጊዜ ስለ ታላላቅ ሰዎች ታሪክ ወይም ስለ አዲስ የሳይንስ ግኝት እንናገራለን ብላችሁ ጠብቃችሁ ይሆናል። እኛ የመረጥነው ግን ስለ ሰውና ስለ እንስሳ ወዳጅነት የተሠሩ ሦስት ፊልሞችን ነው። አንዱ ስለ አጋዘን ግልገል፥ ሁለተኛው ስለ ውሻ፥ ሦስተኛው ስለ ግመል ይናገራል። የሦስቱም ነገር የሚጀምረው ወይም የሚለወጠው በጸደይ ወራት ስለ ሆነ በአንድነት ልናያቸው ወደድን።

ይህ ርእስ ለሕፃናት እንጂ ለሁለተኛ ደረጃ ተማሪዎች አይስማማም የሚል ሰው ቢኖር አንፈርድበትም። በሲኒማ ቤት ቡችላ ሲታይ ልጆች ይስቃሉ፤ ግልገል ሲዘል ያጨበጭባሉ፤ መብራቱ ሲበራ ነገሩ ሁሉ ይረሳል። ዳሩ ግን እነዚህን ሦስት ፊልሞች ልብ ብሎ ለሚያያቸው ሰው፥ የሚያነሡት ጥያቄ የሕፃን ጥያቄ አይደለም። ጥያቄው «ሰው አንድን ፍጡር ወዶ ወደ ቤቱ ባስገባ ጊዜ የሚገባበት ዕዳ ምንድር ነው? ዕዳውንስ የሚከፍለው ማን ነው?» የሚል ነው።

ከሁሉ አስቀድመን ስለ ጸደይ ጥቂት እንበል። ብዙ ሰው የመስከረምን አበባ አይቶ ያንን ወራት ጸደይ ይለዋል። በአገራችን የዘመን አከፋፈል ግን የመስከረም መጨረሻ የመፀው መግቢያ ሲሆን፥ ጸደይ የሚባለው ከመጋቢት 26 ቀን እስከ ሰኔ 25 ቀን ያለው ጊዜ ነው። በአሜሪካ፥ በጃፓንና በሞንጎሊያም ብርዱ አልፎ ዛፉ የሚያቆጠቁጠው ከዚሁ ከእኛ ጸደይ ጋር በሚቀራረብ ጊዜ ነው። በዚያን ጊዜ ብዙው እንስሳ ይወልዳል። የተወለደውም ሁሉ ትንሽ፥ ለስላሳ፥ ለዓይን የሚያምር ነው። በጸደይ የተወለደውን መውደድ ለማንም አይከብድም፤ የሚከብደው ከጸደይ በኋላ ያለው ነው። ከዚህ ቀጥሎ ስለ ውጭ አገር የምንጠራቸው ዓመታት በአውሮፓ አቆጣጠር መሆናቸውን አድማጮቻችን ያስተውሉልን።

የመጀመሪያው ፊልም በ1946 በአሜሪካ የተሠራው «ዘ ዪርሊንግ» ነው። ወደ አማርኛ ብንመልሰው «ዓመት የሞላው ግልገል» እንደ ማለት ነው። መሠረቱ ማርጆሪ ኪናን ሮሊንግስ የተባለችው ደራሲ በ1938 ያሳተመችውና በ1939 የፑሊትዘርን ሽልማት ያገኘችበት ልብ ወለድ ነው። ፊልሙን ያዘጋጀው ክላረንስ ብራውን ነው። በታሪኩ አባትየው ፔኒ ባክስተር፥ እናትየው ኦራ፥ ልጁም ጆዲ ይባላሉ። የአባትየውን ቦታ ግሪጎሪ ፔክ፥ የእናትየውን ቦታ ጄን ዋይማን ይዘው ይጫወታሉ። ጆዲን ሆኖ የተጫወተው ክሎድ ጃርማን ግን ከዚያ በፊት በፊልም ሠርቶ የማያውቅ፥ ዲሬክተሩ በናሽቪል ከተማ ከክፍል ውስጥ ያገኘው የአሥር ዓመት ተማሪ ነበር። ለዚህ ሥራውም ለልጆች የሚሰጠውን ልዩ የኦስካር ሽልማት አገኘ። በ2025 በ90 ዓመቱ እስካረፈበት ጊዜ ድረስ ስሙ ከዚህ ፊልም ጋር ሲነሣ ኖሯል።

ታሪኩ የሚፈጸመው በ1870ዎቹ መጨረሻ በፍሎሪዳ ቁጥቋጦ ምድር ነው። ባክስተሮች ድኻ ገበሬዎች ናቸው። ከጫካ መንጥረው ባገኙት መሬት በቆሎ ይዘራሉ፤ ያ በቆሎ የክረምት እንጀራቸው ነው። ኦራ ቀደም ብሎ የወለደቻቸውን ልጆች ሁሉ ቀብራለች፤ የተረፈላት ጆዲ ብቻ ነው። ጆዲም ብቸኛ ልጅ በመሆኑ የራሱ የሚለው ሕይወት ያለው ነገር ለማግኘት ይመኛል።

አንድ ቀን አባትየውን በጫካ ውስጥ እባብ ነደፈው። እርሱም በዘመኑ ልማድ መርዙን ይስብልኛል ብሎ አንዲት አጋዘን ገደለና ጉበቷን በቁስሉ ላይ አደረገ። እንዲህ ያለውን መድኃኒት የዛሬ ሐኪም የማይቀበለው መሆኑን ለታናናሾቻችን እናስታውቃለን። አባትየው ከሞት ተረፈ፤ የአጋዘኗ ግልገል ግን ያለ እናት ቀረ። ጆዲም «እናቱ ስለ አባቴ ሕይወት ሞታለችና እርሱን በረኃብ መተው ውለታ ቢስነት ነው» በሚል አሳብ ወላጆቹን ለመነ። ተፈቀደለትም። ነጭ ጅራቱ እንደ ባንዲራ ስለሚታይ ግልገሉ «ፍላግ» ተባለ።

ከዚህ በኋላ የሚታየው ትርኢት ለዓይን እጅግ ያማረ ነው። ልጁና ግልገሉ በጫካው ውስጥ ጎን ለጎን ይሮጣሉ፤ አብረው ይተኛሉ። ፊልሙ ለባለ ቀለም ፎቶግራፉ የኦስካር ሽልማት ማግኘቱ አያስደንቅም። ነገር ግን ዓመቱ ዞረ፤ ግልገሉም አደገ። ያደገ አጋዘን የቤትን ሕግ አያውቅም። በመጀመሪያ የትንባሆውን ችግኝ ረገጠው። ቀጥሎ ገና የበቀለውን በቆሎ በላው። በዚያን ጊዜ አባትየው ከባድ ሸክም ሲጎትት ታሞ በአልጋ ላይ ነበር። ስለዚህ በቆሎውን እንደገና የሚዘራውና ግልገሉ የማይዘለውን አጥር የሚሠራው ጆዲ ብቻ ሆነ። ልጁም ከአቅሙ በላይ ሠራ፤ ዘሩን ዘራ፤ እንጨት እየተሸከመ አጥሩን ከፍ አደረገ። ፍላግ ግን ዘለለው፤ በቆሎውንም ዳግመኛ በላው።

ከዚህ ወዲያ አባትየው ግልገሉን በጥይት እንዲገድለው ልጁን አዘዘው። ጆዲ ሊገድለው አልቻለም። እናትየው ተኮሰች፤ አነጣጥራ መምታት ባለመቻሏም አቆሰለችው። በመጨረሻ ከሥቃይ ለማሳረፍ ጆዲ ራሱ ገደለው። ከዚያም ከቤቱ ኮበለለ፤ ረኃብ ምን እንደ ሆነ በገዛ ሆዱ ካወቀ በኋላ ተመለሰ። ወላጆቹም የተቀበሉት ሕፃኑን ጆዲን ሳይሆን ነገር የገባውን ልጅ ነው። የፊልሙ ስም ለግልገሉ ብቻ ሳይሆን ለልጁም የተሰጠ መሆኑ በዚህ ላይ ይታወቃል።

በክበባችን ውስጥ በዚህ ፊልም ምክንያት ረዥም ክርክር ተነሥቶ ነበር። ግማሾቻችን «እናትየዋ ጨካኝ ናት» አልን። ሌሎቻችን ደግሞ «ብዙ ልጆች የቀበረች እናት የቀረላትን አንድ ልጅ እንጀራ ብትጠብቅ ጭካኔ ሊባል አይገባም» ብለን መለስን። ከመካከላችን ከገጠር የመጡት፥ አዝመራ በአንድ ሌሊት ሲጠፋ ቤተ ሰብ ምን እንደሚሆን የሚያውቁት፥ ከሁለተኛው ወገን ነበሩ። አንዳንድ ሰዎች «ሰው እየተራበ ስለ እንስሳ ማልቀስ የጠገበ ሰው ሥራ ነው» ይላሉ። ይህ ፊልም ግን የጠገበ ሰው ፊልም አይደለም። የሚናገረው እንጀራና ፍቅር በአንድ ጓሮ ውስጥ ተፋጥጠው ስለቆሙበት ቤት ነው።

በመጨረሻ ሁላችን የተስማማንበት ነገር አንድ ነው። ጆዲ ግልገሉን መውደዱ የታወቀው አብሮት ሲሮጥ አልነበረም፤ በዝናብ ተደብድቦ እጁ እየቆሰለ አጥር ሲሠራ ነው። ከግልገል ጋር መሮጥ ደስታ እንጂ ድካም የለውም። አጥሩ ግን ድካም ነበር። ፍላግም ክፉ አልነበረም፤ አጋዘን ስለ ሆነ የአጋዘንን ሥራ ሠራ። ለዱር የተፈጠረውን ፍጡር ወደ ቤት ያስገባው ሰው ነው፤ ዕዳውም የሰው ነው።

ሁለተኛው ታሪክ በጃፓን አገር በእውነት የሆነ ነው። በእኛ ዘንድ «ውሻ በበላበት ይጮኻል» የሚል ምሳሌ አለ። ይህም ውሻ ከሆዱ በቀር የሚያውቀው የለም ለማለት የሚነገር ነው። ሃቺኮ የተባለው ውሻ ግን ይህን ምሳሌ እንደገና እንድንመረምረው ያደርገናል።

ሃቺኮ በኖቬምበር 1923 በሰሜን ጃፓን በኦዳቴ ተወለደ። ባለቤቱ በቶኪዮ ዩኒቨርሲቲ የእርሻ ሳይንስ ፕሮፌሰር የነበሩት ኡኤኖ ሂዴሳቡሮ ነበሩ። ውሻውም እርሳቸው ከሥራ ሲመለሱ በሺቡያ ባቡር ጣቢያ ይቀበላቸው ነበር። በሜይ 21 ቀን 1925፥ በእኛ አቆጣጠር ግንቦት 13 ቀን 1917 ዓ.ም.፥ ፕሮፌሰሩ በሥራቸው ላይ ሳሉ ድንገት ሞቱ። በዚያ የጸደይ ቀን የተጀመረው ጥበቃ ከ9 ዓመት በላይ ቆየ። ሃቺኮ እስከ ማርች 8 ቀን 1935፥ እስከ ሞተበት ቀን ድረስ፥ ወደ ጣቢያው መመላለሱን አልተወም።

ስለዚህ ውሻ በ1987 በጃፓን «ሃቺኮ ሞኖጋታሪ» የሚባል ፊልም ተሠራ፤ ያዘጋጀው ኮያማ ሴይጂሮ ነው። በ2009 ደግሞ ላሴ ሃልስትረም ታሪኩን ወደ አሜሪካ አዛውሮ ሌላ ፊልም ሠራ፤ የፕሮፌሰሩን ቦታ የያዘው ሪቻርድ ጊር ነው። በዚህ በሁለተኛው ፊልም ውሻው በመጨረሻው ሰዓት ጌታው በጣቢያው በር ወጥቶ ሲቀበለው ያያል። በዚህ ላይ ያላለቀሰ ተመልካች ጥቂት ነው።

«ውሻው ይመላለስ የነበረው ሰዎች ምግብ ስለሚሰጡት ነው» የሚሉ ሰዎች አሉ። እርግጥ ነው፥ በመጨረሻዎቹ ዓመታት ብዙ ሰው ያበላው ነበር። ነገር ግን ይህ የሆነው በኦክቶበር 1932 አንድ ታላቅ ጋዜጣ ታሪኩን ከጻፈ በኋላ ነው። ከዚያ በፊት በነበሩት 7 ዓመታት በጣቢያው የሚያልፈው ሰው አብዛኛው ከመንገድ ውሻ አይለየውም ነበር፤ የሚያባርሩትና የሚደበድቡትም ነበሩ። ስለዚህ ሃቺኮ የጠበቀው በበላበት ብቻ ሳይሆን በተደበደበበትም ስፍራ ነው።

ልባችንን የነካው ይህ ነገር ነው። ጋዜጣው ከመጻፉ በፊትና ከጻፈ በኋላ ውሻው ያው ነው፤ የተለወጠው ሰው ነው። በኤፕሪል 1934 በጣቢያው ፊት የነሐስ ሐውልት ቆመለት፤ ሃቺኮም በሕይወት ሳለ በምረቃው ላይ ተገኘ። ያ ሐውልት በጦርነቱ ጊዜ ለብረት ተብሎ ቀለጠ፤ በ1948 ሌላ ተተካ። በ2015 ደግሞ በቶኪዮ ዩኒቨርሲቲ ግቢ ውሻው ዘሎ ጌታውን ሲቀበል የሚያሳይ ሐውልት ተሠራ። እነዚህ ሁሉ መልካም ናቸው። ዳሩ ግን ሐውልት ከማቆም ይልቅ፥ ማንም ሳያይና ማንም ሳይጽፍ፥ ለዚያ ውሻ አንድ ጣሳ ውኃ ማቅረብ ይበልጥ ነበር። ውሻው የድርሻውን ፈጽሟል፤ ፊልሙ የሚጠይቀን የሰውን ድርሻ ነው።

ሦስተኛው ፊልም «የምታለቅሰው ግመል ታሪክ» ይባላል። በ2003 የተሠራው በጀርመን አገር በሙኒክ የፊልም ትምህርት ቤት ተማሪዎች በነበሩት በሞንጎሊያዊቷ ብያምባሱረን ዳቫና በሉዊጂ ፋሎርኒ ነው። ለእኛ ለተማሪዎች ይህ ራሱ የሚያበረታታ ነገር ነው፤ የተማሪ ሥራ ሆኖ ሳለ ለኦስካር ሽልማት እስከ መታጨት ደርሷልና። በፊልሙ የሚታዩት በጎቢ በረሓ የሚኖሩ እውነተኛ የዘላን ቤተ ሰብ እንጂ የተቀጠሩ ተዋናዮች አይደሉም። አያት፥ ወላጅና ልጅ በአንድ ሰፈር ድንኳን ተክለው በግና ግመል እያረቡ ይኖራሉ።

ጊዜው ጸደይ ነው፤ ግመሎቹ ይወልዳሉ። ከሁሉ በመጨረሻ አንዲት ግመል በብዙ ጭንቅ፥ ሰዎቹ እየረዷት፥ ነጭ ግልገል ወለደች። ነገር ግን ከሥቃይዋ የተነሣ ይሆናል፥ ግልገሏን አላየውም አለች። ሊጠባ ሲቀርብ ትረግጠዋለች፤ እርሱም ብቻውን ቆሞ ይጮኻል። ከብት የሚያረቡ ወላጆቻችን፥ እናት ልጇን እምቢ ስትል ቤቱ ምን ያህል እንደሚጨነቅ ከእኛ ይልቅ ያውቁታል።

ቤተ ሰቡ ግልገሉን በቀንድ ወተት እየሰጡ አቆዩት። ከዚያም ሁለት ወንድማማች ልጆች፥ ዱዴና ኡግና፥ በግመል ተቀምጠው በረሓውን አቋርጠው ሙዚቀኛ እንዲጠሩ ተላኩ። ትንሹ ኡግና በከተማው ቴሌቪዥን አይቶ ልቡ በዚያ ቀረ፤ መልእክቱ ግን ደረሰ። ሙዚቀኛው ሞሪን ኹር የሚባለውን መሣሪያ ይዞ መጣ። ይህ መሣሪያ እንደ እኛ መሰንቆ በፈረስ ጭራ የሚመታ ሲሆን፥ መሰንቆ አንድ አውታር ሲኖረው እርሱ ሁለት አለው። አስቀድሞ መሣሪያውን በግመሏ ሻኛ ላይ ሰቀሉት፤ ነፋሱም አውታሩን ነካው። ቀጥሎ ሙዚቀኛው ሲመታ የቤቱ ሴት ግመሏን እየደባበሰች ደጋግማ በዝግታ አዜመች። ግመሏ ጸጥ አለች። ግልገሉን አቀረቡላት፤ ጠባ። ከግመሏም ዓይን እንባ ወረደ።

ይህ ልማድ ለፊልሙ ተብሎ የተፈጠረ አይደለም። የሞንጎሊያ ዘላኖች ከጥንት የያዙት ሥርዓት ነው፤ ዩኔስኮም በ2015 አስቸኳይ ጥበቃ ከሚያስፈልጋቸው ቅርሶች ጋር መዝግቦታል። አስቸኳይ የተባለውም ዘላኖቹ ወደ ከተማ እየገቡ ሥርዓቱን የሚያውቅ ሰው እየቀነሰ ስለ ሄደ ነው።

በመጀመሪያው ፊልም ዕዳው ከልጁ አቅም በላይ ሆነ። በሁለተኛው ብዙ ሰው ዕዳውን ሳያይ አለፈ። በዚህ በሦስተኛው ግን ሰዎቹ ዕዳቸውን ከፈሉ። አንድ ግልገል እንዳይሞት አንድ ቤተ ሰብ ሙሉ ተነሣ፤ ልጆች በረሓ አቋረጡ፤ ሙዚቀኛ ከሩቅ መጣ። ይህን ያደረጉትም ባለጸጎች ሆነው አይደለም። ግመሏ ወተታቸውና ጠጉራቸው፥ መጓጓዣቸውም ናት፤ ለእርሷ ማዘንና ለራሳቸው ማሰብ በእነርሱ ዘንድ አንድ ነገር ነው።

እንግዲህ ከእነዚህ ፊልሞች ወደ ገዛ ግቢያችን እንመለስ። በየቤታችን ውሻና ድመት አለ። ቡችላ ሲወለድ ሁላችን እንሻማለን፤ ስም እናወጣለታለን፤ ለጎረቤት እናሳያለን። ካደገ በኋላ ግን ቀኑን ሙሉ በአጭር ገመድ ይታሰራል፥ ወይም ወደ መንገድ ይለቀቃል። መንገድ ላይ የተገኘውንም ከትምህርት ቤት ስንወጣ በድንጋይ የሚያባርር ከመካከላችን አይጠፋም። ያ ውሻ ግን ትናንት በአንድ ልጅ እቅፍ ውስጥ የነበረ ቡችላ ነው።

ስለዚህ ክበባችን ለተማሪ ጓደኞቻችን የሚያቀርበው አሳብ አጭር ነው። ቡችላ ለመውሰድ የሚፈልግ ሁሉ፥ አስቀድሞ የሚያበላውና ውኃ የሚያጠጣው፥ ሲታመምም የሚያስታምመው ማን እንደ ሆነ ከወላጆቹ ጋር ይስማማ። የእብድ ውሻ በሽታ ክትባት በጊዜው ያስከትበው። ሉዊ ፓስተር በ1885 ለመጀመሪያ ጊዜ ሰውን ከዚህ በሽታ በክትባት ካዳነ ወዲህ ዓለም መከላከያውን ያውቃል፤ ምልክቱ በሰው ላይ ከታየ በኋላ ግን የሚተርፍ የለም ለማለት ይቻላል። የተነከሰ ሰውም ቢኖር ቁስሉን ወዲያው በውኃና በሳሙና ለ15 ደቂቃ ያጥብ፤ ሳይዘገይም ወደ ሐኪም ይሂድ። ከዱር የተገኘውን የዝንጀሮ ወይም የድኩላ ግልገል ደግሞ፥ ቢያምርም፥ ወደ ቤት አናምጣው፤ የፍላግ ታሪክ ይበቃናል።

ወላጆቻችንንም አንድ ነገር እንለምናለን። ልጅ ለእንስሳ ሲያዝን «ይህ የሕፃን ነገር ነው» ብላችሁ አትለፉት። ፔኒ ባክስተር በታመመ ጊዜ ለልጁ ምክር ብቻ አልሰጠውም፤ ሥራ ሰጠው። እናንተም ሥራ ስጡን። የውሻውን መኝታ መጥረግ፥ ውኃውን በየጧቱ መለወጥ፥ ለክትባቱ ወረፋ መጠበቅ የእኛ ድርሻ ይሁን። ማልዶ ተነሥቶ አፍ ለሌለው ፍጡር ውኃ ማቅረብን የለመደ ልጅ፥ ነገ በሽተኛ ጎረቤቱን ለመጠየቅ፥ ሽማግሌ አባቱንም ለመጦር እግሩ አይከብደውም ብለን እናምናለን።

ፍቅር በጸደይ ይጀመራል፤ የሚመረመረው ግን በክረምት ነው።